ሺሞኖሴኪ፣ ኪኑዮ ታናካን ፍለጋ

ኮኩራ በምትባል የጃፓን ከተማ ያደርኩበት ሆቴል አናደደኝ። 6,000 የን ከፍዬ የገባሁበት ክፍል መጋረጃው ሳይቀር ሲጋራ ሲጋራ ይሸታል፤ መስኮቱ አይከፈትም። እንቅልፍ ባይኔ ሳይዞር ነጋ።

በማግስቱ የድሮዋን የፊልም ተዋናይ የኪኑዮ ታናካን ሙዚየም ለማየት ከሞጂ ማዶ ወዳለችው የትውልድ ከተማዋ ሺሞኖሴኪ የተሻገርኩት በእግሬ ነው፣ ከባሕሩ ሥር በተቆፈረው 780 ሜትር መተላለፊያ። ለእግረኛ ነፃ ነው።

አውቶቡስ ማቆሚያው ላይ ለአንዲት አሮጊት የኪኑዮን ፎቶ ከስልኬ አሳየኋቸው። «ኪኑዮ ሳን!» ብለው ፊታቸው በራ። ወዲያው ቢዋ የሚባለውን የጃፓን ባለ አውታር መሣሪያ ጭናቸው ላይ ያሳረፉ አስመስለው፣ ማራገቢያ በሚያህለው መምቻው እንደሚመቱ ሁሉ እጃቸውን አወናጨፉልኝ። የአውቶቡሱን ሳንቲም ከመዳፌ ቆጥረው ወስደው ከፈሉልኝ፤ እስከ ሙዚየሙ በርም አደረሱኝ። እናቴን አስታወሱኝ።

ሙዚየሙ እ.ኤ.አ. በ1924 የተሠራ የድሮ ስልክ ቤት ነው። ኪኑዮም ሾቺኩ የተባለው የፊልም ኩባንያ የገባችው በዚያው ዓመት፣ በ14 ዓመቷ ነበር። አባቷ በልጅነቷ ሞቶባት፣ ችግር ከዚህች ከተማ ወደ ኦሳካ ነቅሎ የወሰዳት ልጅ ናት፤ እዚያም ቢዋ እየመቱ በሚዘፍኑ ልጃገረዶች ቡድን ውስጥ መድረክ ለመደች። ፎቶዎቿ ፊት ብዙ ቆምኩ። በ1931 ጃፓን ሙሉ ድምፅ ያለው የመጀመሪያ ፊልሟን ስትሠራ የዋናውን ባለታሪክ ሚስት ሆና የተጫወተችው እሷ ነበረች፤ የሺሞኖሴኪ ለዛ ያልለቀቀው ድምፅዋም ተመልካቹን ማረከ። እኔ ጎጃሜ ነኝ። አዲስ አበባ በገባሁ ሰሞን ሰው እንዳይስቅብኝ ንግግሬን ስለውጥ የከረምኩት ትዝ ብሎኝ ሆዴ ተላወሰ።

በ1953 ራሷ ፊልም ማዘጋጀት ጀመረች፣ ሴት አዘጋጅ እምብዛም በማይታወቅበት ዘመን። በ1958 ደግሞ ልጇ ተራራ ላይ ወስዶ የሚተዋትን አሮጊት ለመጫወት የፊት ጥርሶቿን አስነቀለች። ያን ፊልም አይቼዋለሁ፤ አፏን ስትከፍት ዓይኔን ጨፍኜ ነበር።

አስናቀች ወርቁ ከሐሳቤ አልወጣ አለች። እሷም ተዋናይ፣ ዘፋኝ፣ ክራር መቺ። ክራሯን እንዲህ መስታወት ውስጥ ባየሁት ብዬ ተመኘሁ።

11 ሰዓት ሲዘጉ ወጣሁ። ማታ እናቴ ጋ ደውዬ ስለ አስናቀች ጠየቅኳት፤ መልስ ሳትሰጠኝ ማንጎራጎር ጀመረች።