ንጉሡ ፊደል ቆጣሪ አልነበረም

አና ሊዮኖወንስ በሲያም (በዛሬዋ ታይላንድ) ቤተ መንግሥት ስለማስተማሯ የተሠሩትን ድራማዎች ያየ ሰው መንገዱን ያውቀዋል። ነጭ መምህርት ትመጣለች፣ ንጉሡ ይቆጣል፣ እሷ ትመልስለታለች፣ ቀስ በቀስ ዓይኑን ትከፍትለታለች። አልባሳቱና ሙዚቃው ድንቅ ነው። እኔን የሚከነክነኝ ተማሪ ተደርጎ የቀረበው ሰው ማንነት ነው።

ይህ ንጉሥ ሞንግኩት ነው፤ የነገሠው በ1851 ነው (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር እጽፋለሁ)፤ ያኔ 46 ዓመቱ ነበር። ከዚያ በፊት 27 ዓመት በቡድሃ ምንኩስና ኖሯል። ላቲን ከፈረንሳዊው ጳጳስ ፓልጓ፣ እንግሊዝኛ ከአሜሪካ ሚሲዮናውያን ተምሯል፤ በሥርዓተ ምንኩስናው ላይም ጥብቅ የሆነውን የታማዩት ወገን መሥርቷል። አና በማርች 1862 ባንኮክ ስትገባ የጠበቃት በእንግሊዝኛ ደብዳቤ ራሱ የሚጽፍ ንጉሥ ነው። ሲቀጥራትም ቋንቋ፣ ሳይንስና ሥነ ጽሑፍ እንድታስተምር እንጂ ክርስትና እንዳትሰብክ ብሎ ነው። ምክንያት ነበረው፤ ከእሷ ቀደም ብለው የእልፍኝ ሴቶችን ያስተማሩት የሚሲዮናውያን ሚስቶች ትምህርቱን ከስብከት መለየት አልሆነላቸውም። ይህች አንዲት ቅድመ ሁኔታ ብቻዋን ድራማ ይወጣታል፤ ፊልሞቹ ግን ብዙም አልተጠቀሙባትም።

የዝሆኖቹ ነገርማ ከፈረሱ ጋሪው የቀደመበት ነው። «The King and I» በተባለው ሙዚቃዊ ድራማ ንጉሡ ለአሜሪካው ፕሬዚዳንት ሊንከን ዝሆን እልካለሁ የሚለውን ደብዳቤ አናን ያጽፋታል። ንጉሡ ስለ ዝሆን የጻፈው በ1861 ነው፤ ሊንከን አመስግኖ፣ በእኛ አገር ሥራው በእንፋሎት ነው ብሎ የመለሰውም በፌብሩዋሪ 1862፣ አና ባንኮክን ሳትረግጥ።

በ1999 የወጣው «Anna and the King» የተባለው ፊልም ግን አንድ ቦታ ላይ ልክ ነው፦ የንጉሡ ልጅ ልዕልት ፋ ዪንግ። ሕፃኗ በ1863 በ8 ዓመቷ በኮሌራ ሞታለች፤ ፊልሙም ያንን ሐዘን ብዙ ሳያስጮህ አሳይቷል። መጨረሻ ላይ የመጣው የጄኔራሉ ክህደትና የድልድዩ ፍንዳታ ፈጠራ ነው፤ ብዙ አያስቆመኝም። የታይላንድ መንግሥት ቀረጻውን ስላልፈቀደ በማሌዥያ ተሠርቷል፤ ታይላንድ ውስጥ እንዳይታይም ታግዷል።

ከባዱ ጥያቄ ያለው በድራማዎቹ የእልፍኝ ሴት ሆና በምትታየው ቱፕቲም ላይ ነው። ከፍቅረኛዋ ጋር በጭካኔ የተገደለችው ይህች ሴት የመጣችው አና ራሷ በ1873 ካሳተመችው መጽሐፍ ነው፤ ታሪኩን የሚደግፍ ሌላ ማስረጃ የለም። አና በቤተ መንግሥቱ ሥር የመሬት ውስጥ እስር ቤት አለ ብላም ጽፋለች። ባንኮክ ደግሞ ትንሽ ሲቆፈር ውኃ የሚፈልቅባት ረግረግ ከተማ ናት! ሴትዮዋ የራሷንም ታሪክ አስተካክላለች፤ ዌልስ ተወለድኩ ብትልም የተወለደችው ሕንድ ውስጥ በ1831 ነው፤ ሻለቃ የተባለው ባሏም ጸሐፊ ነበር። በዚህ አልፈርድባትም፤ በዚያ ዘመን ልጆች ይዛ የቀረች መበለት እንጀራዋ ያለው በስሟ ላይ ነበር። ችግሩ ድራማዎቹ ቃሏን እንደ ሰነድ መውሰዳቸው ነው።

ንጉሡ የሚሞትበት ትዕይንት ደግሞ አለ። ከሙዚቃዊው ድራማ በተሠራው በ1956ቱ ፊልም አና አልጋው አጠገብ ናት። በእውነቱ በ1867 አገሩን ለቃ ሄዳለች። ሞንግኩት ኦገስት 18 ቀን 1868 የሚሆነውን ሙሉ የፀሐይ ግርዶሽ ቀኑንና ቦታውን ቀድሞ በራሱ ስሌት አውጥቶ፣ እንግዶች ጠርቶ፣ ከባንኮክ በስተደቡብ ዋ ኮ ወደሚባል ቦታ ወረደ። ግርዶሹ እንዳለው ሆነ። ሰፈሩ የወባ አገር ነበርና ንጉሡም ልጁ ቹላሎንግኮርንም ታመሙ፤ አባትየው ኦክቶበር 1 አረፈ፣ ልጁ ተረፈ። በፊልሙ ላይ ወጣቱ አልጋ ወራሽ እዚያው አባቱ አጠገብ ቆሞ በንጉሥ ፊት ተደፍቶ መስገድን ይሽራል። ቹላሎንግኮርን ይህን ያወጀው አምስት ዓመት ቆይቶ፣ በ1873፣ 20 ዓመት ሞልቶት ለሁለተኛ ጊዜ ዘውድ ሲጭን ነው።