ከሰሌዳው ከተነሱ በኋላ

ሰሞኑን ማታ ማታ የቼዝ ተጫዋቾችን የሕይወት ታሪክ ማንበብ ለምዶብኛል። ቱሉ ዲምቱ የሚኖር ሰው ይረዳኛል፤ መሀል ከተማ ውሎ፣ ተሰልፎ፣ ተጋፍቶ ቤቱ ሲገባ ለሌላ ቁም ነገር የሚተርፍ ጉልበት የለውም። የጨዋታዎቹን ዝርዝር እዘለዋለሁ፤ እውነቱን ለመናገር ግማሹ አይገባኝም። እኔን የሚስበኝ ሰዎቹ ከሰሌዳው ከተነሱ በኋላ ያለው ኑሯቸው ነው። ጸሐፊዎቹ ደግሞ እዚያ ላይ ሲደርሱ ይቸኩላሉ፤ "በድህነት ሞተ"፣ "አእምሮው ታወከ"፣ አለቀ። (ዓመቶቹን እንደ ፈረንጆቹ ነው የምጽፈው፤ ካደባለቅኩ ራሴም እምታታለሁ።)

ፖል ሞርፊ የኒው ኦርሊንስ ልጅ ነው፣ በ1837 የተወለደ፣ የደህና ቤተሰብ ልጅ። ሕግ ተምሮ ሲጨርስ ለጥብቅና ዕድሜው ገና ነበር። እስኪደርስ ምን ይሥራ? ቼዝ ተጫወተ። በ1858 አውሮፓ ተሻገረና ፓሪስ ላይ ሰሌዳውን ሳያይ ከስምንት ሰው ጋር ባንዴ ተጫወተ፤ ዓመቱ ሳያልቅ ደግሞ በዘመኑ ቁንጮ ከሚባሉት አንዱን፣ ጀርመናዊውን አንደርሰንን፣ 7 ጊዜ አሸንፎ፣ 2 ጊዜ ብቻ ተሸንፎ፣ 2 ጊዜ አቻ ወጣ። 21 ዓመቱ ነበር። አገሩ ሲመለስ ቼዙን ትቶ ጠበቃ ልሁን አለ። ማን ይሁንለት! ሰዉ የሚፈልገው ቼዝ ተጫዋቹን እንጂ ጠበቃውን አልነበረም። በዚያ ላይ የአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት መጣ። በ47 ዓመቱ ሲሞት የጥብቅናው ነገር ሳይሳካለት ቀርቷል። እኔ የማዝነው ለዚህ ሰው ነው።

የፊሸርን ሁሉም ያውቀዋል፣ አላደክማችሁም። በ1972 ሬይክያቪክ ላይ ስፓስኪን አሸንፎ የዓለም ሻምፒዮን ሆነ፣ ከዚያ ለ20 ዓመት ውድድር የሚባል ነገር አልነካም። ይኼው ነው።

አንብቤ ያልጠገብኩት የሱልጣን ኻንን ነው። ዛሬ ፓኪስታን በሆነው የፑንጃብ ክፍል፣ በ1903 ነው የተወለደው። ቼዝ የተማረው በሕንዶቹ ደንብ ነበር፤ በዚያ ደንብ ወታደሩ መነሻው ላይ ሁለት ቤት መዝለል አይችልም። ሰንጠረዥ የሚባለው የኛም የድሮ ቼዝ እንዲሁ ነበር፣ ወታደሩ አንድ አንድ ቤት ነው የሚራመደው፤ እንዲያውም የኛ ይብሳል፣ የመጀመሪያው ጠጠር እስኪበላ ድረስ ተራ ብሎ ነገር የለም፣ ሁለቱም እንደየፍጥነታቸው ያንቀሳቅሳሉ። (ይኼን ደንብ ማን እንዳስቀረብን እንጃ፣ ለኛ ጠባይ ግን ይስማማን ነበር።) እና ሱልጣን ኻን ሰር ዑመር ሐያት ኻን በሚባል ባለርስት ሥር ሆኖ እንግሊዝ ሄደ። በ1929 በደረሰበት ዓመት የብሪታንያ ሻምፒዮን ሆነ። በ1932 እና በ1933 ደገመው። በመካከሉ ሄስቲንግስ ላይ የቀድሞውን የዓለም ሻምፒዮን ካፓብላንካን ረታ፣ ያንን ሽንፈት የማያውቅ የሚመስል ኩባዊ፣ በ65 እርምጃ። አገር ካገር በሚጋጠምበት የቼዝ ኦሊምፒያድ ላይ ለእንግሊዝ ቡድን አንደኛ ሰሌዳ ይዞ፣ የቡድኑ ቁንጮ ሆኖ ማለት ነው፣ የተጫወተው እሱ ነው፤ በ1931 ፕራግ ላይ ታዋቂውን የፖላንድ ተጫዋች ሩቢንስታይንን አሸንፏል። በዚያው በባለርስቱ ቤት የነበረች ፋጢማ የምትባል ሴት ደግሞ በ1933 የብሪታንያ የሴቶች ሻምፒዮን ሆነች። አስቡት፣ ካንድ ቤት!

በዚያው ዓመት መጨረሻ ባለርስቱ ወደ አገሩ ሲመለስ እሱም አብሮ ተመለሰ። ቼዙም በዚያው ቀረ። መሬቱ ላይ ገበሬ ሆኖ፣ ልጆች አሳድጎ፣ በ1966 አረፈ። ለልጁ ቼዝ ከማስተማር ይልቅ የሚረባህን ሥራ ብትይዝ ይሻላል ብሎታል ይባላል። የፈረንጅ ጸሐፊዎች ይኼን ሲጽፉ ሙሾ ነው የሚያወርዱት፤ "ያ ሁሉ ተሰጥኦ ገጠር ገብቶ ባከነ" ይላሉ። ማንበብና መጻፍ የማይችል አሽከር አድርገው ይስሉታል፣ የልጅ ልጁ ግን ቆይታ ይኼ ስለ አያቴ የተጻፈው ትክክል አይደለም ብላ መልስ ሰጥታበታለች። ፋጢማም በኋላ ስትናገር አገሩ ሲመለስ ከእስር የተፈታ ያህል ተሰምቶት ነበር ብላለች፤ የእንግሊዝ ብርድ፣ ጉንፋኑ፣ ወባው፣ ሲያሰቃየው ነው የኖረው። በ2024 የክብር ግራንድማስተር ተባለ፣ ግራንድማስተር የቼዝ ትልቁ ማዕረግ ነው። ከሞተ ከ58 ዓመት በኋላ!

ይኼን ታሪክ ለኛ ብሎክ ጥበቃ ነገርኳቸው። ጋሼ ቼዝ ይችላሉ፤ ውትድርና ላይ ሳሉ ካምፕ ውስጥ ነው የለመዱት። የሰፈሩ ጎረምሶች ዳማ ላይ ተፋጠው ሲንጫጩ እሳቸው የጥበቃ ቤቷ ደጃፍ ላይ ሰሌዳቸውን ዘርግተው ተጋጣሚ ይጠብቃሉ። አንደኛው ጥቁር ግንብ ጠፍቷል፣ በሱ ፋንታ የባትሪ ድንጋይ ነው የሚቆመው። ጠጠር ሲያነሱ አይቸኩሉም፤ በሁለት ጣት ይዘው ትንሽ አየር ላይ ያቆዩታል፣ ተጋጣሚያቸው ፊት ላይ ያያሉ፣ ከዚያ ነው የሚያስቀምጡት። ያችን አስተያየት ካየሁ እኔ አበቃልኝ፣ ያሰብኩት ሁሉ ይጠፋብኛል።

ጋሼ ዱሮ ገበሬ ነበሩ። ይኼ እኛ የምንኖርበት አካባቢ ጤፍና ስንዴ ይበቅልበት ነበር፤ መሬታቸው ለቤት ግንባታ ሲወሰድ ካሳ ተቀበሉ፣ ካሳው ያለቀበትን ሁኔታ ደግሞ ሳይጠየቁ አያወሩትም፣ ተጠይቀውም ደስ አይላቸውም።

የሱልጣን ኻንን ታሪክ አንድም ሳያቋርጡኝ ሰሙኝ። መጨረሻ ላይ፦

"መሬቱ የራሱ ነበር?" አሉኝ።

"አዎ ጋሼ፣ የራሱ መሬት ነበረው።"

"ከልጆቹ ጋር ኖረበት?"

"ኖረበት።"

"ታዲያ እነዚህ ሰዎች የሚያለቅሱት ምን ሆነው ነው?"

ቀልድ መስሎኝ ልስቅ ነበር። እሳቸው ግን ከልባቸው ነው የጠየቁት። እኔም ከዚያ በኋላ ያነበብኩትን እንደገና ሳየው የጸሐፊዎቹ ሐዘን ትንሽ አናደደኝ። ሰውዬው ይቅርብኝ ያለውን ነገር ለምንድነው በግድ እንደጎደለበት የሚቆጥሩት? ሞርፊ የፈለገውን አጣ፣ ልክ ነው፣ ይዘንለት። ሱልጣን ኻን ግን የፈለገውን ያገኘ ነው የሚመስለው።

መቆም የማይችሉም አሉ። የቀድሞው የዓለም ሻምፒዮን ታል በ1992 ሆስፒታል ተኝቶ ሳለ ወጥቶ ሞስኮ ላይ ፈጣን ቼዝ ተጫወተ፣ የጊዜውን የዓለም ሻምፒዮን ካስፓሮቭንም አሸነፈ፤ በወሩ ገደማ ሞተ። ኮርችኖይ ደግሞ የጉድ ነው። ልጅ ሆኖ የሌኒንግራድን ከበባና ረሃብ ያለፈ ሰው ነው። በ1976 አምስተርዳም ላይ ከሶቪየት ኅብረት ኮበለለ። ከሁለት ዓመት በኋላ ፊሊፒንስ ውስጥ ለዓለም ሻምፒዮንነት ከሻምፒዮኑ ከካርፖቭ ጋር ሲጋጠም 5 ለ 2 ይመራ የነበረውን ካርፖቭን 5 ለ 5 አድርሶት የመጨረሻዋን አጣት። እዚያው ለካርፖቭ እርጎ ሲመጣለት "ምልክት ሊሆን ይችላል" ብለው የኮርችኖይ ወገኖች አቤቱታ አስገብተዋል፣ ስለ እርጎ! በ1981 እንደገና ሲገናኙ ደግሞ የኮርችኖይ ልጅ ሶቪየት ኅብረት ውስጥ እስር ቤት ነበር። ያም ሁሉ ሆኖ አልተወም። በ2011 ጂብራልታር ላይ የ18 ዓመቱን ግራንድማስተር ካሩዋናን ሲያሸንፍ እሱ 79 ዓመቱ ነበር፣ በዚያው ዓመት በ80 ዓመቱ የስዊዘርላንድ ሻምፒዮን ሆነ።

የኮርችኖይን ለጋሼ ገና አልነገርኳቸውም። በሰማንያ ዓመቱ ይወዳደር ነበር ብላቸው "ምነው፣ ጡረታ የላቸውም እንዴ?" ማለታቸው አይቀርም።