ባለ 50 ሉኩ ደብተር

ዛሬ መዝገባችን ተዘጋ። ዳኛዋ ስምምነቱን አንብበው ሦስታችንንም በየተራ «በፈቃድዎ ነው የፈረሙት?» ብለው ጠየቁን። ከዚያ ለሕግና ለሞራል ተቃራኒ ሆኖ ስላልተገኘ ተቀብለን አጽድቀነዋል አሉ። አሥራ አራት ወር የተመላለስንበት ጉዳይ አምስት ደቂቃ አልፈጀም።

እማዬ ካረፈች ሁለት ዓመት ከመንፈቅ ሆናት። የተወችልን ሽሮ ሜዳ ያለውን ቤት ነው፤ ኑዛዜ የለም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 842 ልጆች እኩል ይወርሳሉ ስለሚል ለእኔና ለታላቅ ወንድሜ ነገሩ ያለቀለት መስሎን ነበር። እህታችን እትዬ ግን እማዬን እዚያው ቤት ዘጠኝ ዓመት አስታምማለች፤ ሁለቱን ሰርቪስ ክፍሎችም በራሷ ገንዘብ ነው ያሠራቻቸው። «ይሸጥና እንካፈል» ስንላት «እኔስ የት ልግባ?» አለች። እኛ ከሳሾች፣ እሷ ተከሳሽ ሆነን ቀረን። መጥሪያውን ያደረሰላት ወንድሜ ነው፤ እኔ መኪና ውስጥ ቁጭ ብዬ ጠበቅሁት።

ሽማግሌ ሳይገባበት ቀርቶ አይደለም። ሁለት ጊዜ ተቀምጠናል። «የአንድ እናት ልጆች አይደላችሁም ወይ?» ብለው ጉልበት አሳሙን። «ስንት?» የሚለውን ግን ማንም አላነሣም፤ ብር መጥራት ነውር መሰላቸው መሰለኝ። በማግሥቱ ያው ነበርን።

ፍርድ ቤቱ የመራን አስማሚ ይቅር ተባባሉ አላለችንም። መሐንዲሱ ቤቱን 4.8 ሚሊዮን ብር እንደገመተው፣ የእያንዳንዳችን ድርሻ 1.6 ሚሊዮን እንደሚሆን ወረቀት ላይ ጻፈችና «ከዚህ የሚቀነስ አለ?» ብላ ወደ እትዬ ዞረች። እትዬ ከቦርሳዋ ደብተር አወጣች።

ባለ 50 ሉክ ደብተር ነው፣ ሽፋኑ በላስቲክ የተለበጠ። የደም ግፊት ኪኒን፣ ኮንትራት ታክሲ፣ ዳይፐር፤ ከጎኑ ቀኑና ብሩ። ወንድሜ ድምሩን ፍለጋ ወደ መጨረሻው ገጽ ገለጠ። እኔ ደብተሩ ሲደርሰኝ ከፊተኞቹ ገጾች አንዱ ላይ ቀረሁ፤ «ለማሙሽ መሳፈሪያ 300» ይላል። ማሙሽ እኔ ነኝ። ሐዋሳ ስማር፣ ለበዓል መጥቼ ስመለስ እማዬ ከመቀነቷ ፈትታ ኪሴ የምትከተው ብር ነበር። መቀነቷ ውስጥ ማን እንደሚያስቀምጠው ጠይቄ አላውቅም።

ወንድሜ «ደረሰኝ የሌለውን አልቀበልም» አለ። ከዚያ በኋላም ሦስት ቀጠሮ ፈጅቷል። መጨረሻ ላይ ቤቱ ለእትዬ እንዲሆን፣ እሷም ለሁለታችን ለእያንዳንዳችን 1.1 ሚሊዮን ብር በ18 ወር ውስጥ በሦስት ጊዜ እንድትከፍል ተስማማን። እኛ የሰርቪሶቹን ኪራይ፣ እሷ የማስታመሚያውን ወጪ ላንጠያየቅ ተውነው። ጊዜውን ብታሳልፍ በአፈጻጸም፣ ማለትም በፍርድ ቤት አስገዳጅነት፣ ይጠየቃል፤ ይህን ያስጨመረው ጠበቃችን ነው። የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 274 ክርክሩ የትም ደረጃ ላይ ቢሆን መስማማት እንደሚቻል ይፈቅዳል ብሎ ገና በመጀመሪያው ቀን ነግሮን ነበር፤ ያኔ የሰማው የለም። ባንስማማ ቤቱ ለሦስት የሚከፈል አይደለምና መጨረሻው ሐራጅ ነበር።

እውነቱን ልጻፍ፤ 1.1 ሚሊዮን አሁንም ያንሰኛል። ማታ ስተኛ ልዩነቱን አሰላለሁ። ደብተሩን ያየሁ ቀን ግን ከዚያ በላይ ልጠይቃት አፌ እምቢ አለ። ወንድሜ ፈርሞም አኩርፏል፤ ከችሎት ስንወጣ ደህና ዋሉ እንኳ ሳይል ሄደ።

እትዬ ደረጃው ላይ ቆማ ጠበቀችኝ። «ቡና ላፍላልህ?» አለች። ሥራ አለብኝ ልላት ነበር፤ ዝም ብዬ ተከተልኳት። ታክሲ ውስጥ ረዳቱ «ሒሳብ» ሲል እጄን ወደ ኪሴ ሰደድኩ። ቀድማኝ የሁለታችንንም ከፈለች።