ሰውየው ዳነ

ቀልድ ማውራት አልችልም። መጨረሻው ሳልደርስ እኔው ራሴ ስቄ አበላሸዋለሁ። ስለዚህ አንቲ ጆክ የሚባለውን ነገር ሳውቅ "ይሄማ ለኔ የተሠራ ነው" አልኩ። መጨረሻው አያስቅም፣ የሚያስቀውም እሱ ነው። "ዶሮዋ ለምን መንገድ ተሻገረች?" ሲሉህ ስታሰላስል ትቆያለህ፤ መልሱ ግን "ወደ ማዶ ለመሄድ" ነው፣ በቃ። ይቺ ዶሮ እ.ኤ.አ. በ1847 በአንድ የኒው ዮርክ መጽሔት ላይ ወጥታ ነበር። እስካሁንም እየተሻገረች ነው።

ታዲያ ቤተሰብ የተሰበሰበ ቀን ጉሮሮዬን ጠረግኩና ጀመርኩ። "አንድ ሰውዬ ሐኪም ዘንድ ይሄድና 'ዶክተር፣ በበላሁ ቁጥር ሆዴን ይነፋኛል' ይለዋል። ዶክተሩ ይመረምረውና መድኃኒት ያዝለታል። ሰውየው መድኃኒቱን በሰዓቱ ይወስዳል..." እዚህ ጋ ሆን ብዬ ዝም አልኩ። የአጎቴ ልጅ ሊስቅ አፉን ከፍቶ ይጠብቃል።

"...ዳነ።"

ማንም ትንፍሽ አላለም።

"እሺ፣ ከዚያስ?" አለ የአጎቴ ልጅ።

"ከዚያማ ዳነ።"

"ዶክተሩስ?"

"ቀጣዩን በሽተኛ አስገባ።"

አክስቴ እጇን ወደ ላይ ዘርግታ "እሰይ፣ ተመስገን!" አለች። ከዚያ ወደኔ ዞር ብላ፣ "ልጄ፣ መድኃኒቱ ማን ይባላል? እኔንም እኮ ይነፋኛል።"

ሰው ሁሉ በሳቅ ፍርስ አለ። ያልሳቅነው እኔና አክስቴ ብቻ ነን። ይባስ ብዬ ማስረዳት ጀመርኩ። "ካንት የሚባል ፈላስፋ እ.ኤ.አ. በ1790 ምን ብሏል መሰላችሁ፣ ሳቅ የሚመጣው በጉጉት የጠበቅነው ነገር ድንገት ምንም ሆኖ ሲቀር ነው..."

"ሐኪሙ እሱ ነው?" አለች አክስቴ።

ስህተቴ የገባኝ ማታ ነው። ይሄ ነገር የሚሠራው ቀልድ ለሚጠብቅ ሰው ነው። የአጎቴ ልጅ ቀልድ ጠብቆ ነበር፣ እሱም ቢሆን የገባው ዘግይቶ ነው፤ ተኝቼ ሳለ ደውሎ "ዳነ እኮ!" ብሎ እየሳቀ ስልኩን ዘጋብኝ። አክስቴ ግን ከመጀመሪያውም ቀልድ አልጠበቀችም። የታመመ ሰው ነው የሰማችው፣ መዳኑን ነው የጠበቀችው፣ እሱም ዳነላት።

በሳምንቱ ደወለች።

"ያ ሰውዬ እንዴት ሆነ? አላገረሸበትም አይደል?"

"ደህና ነው አክስቴ።"

"ሰላም በልልኝ።"

"እሺ" አልኳት።