«ኮሎኔል» ብዬ ያነበብኩት «ከርነል»

ደሴ የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ሳለሁ እንግሊዝኛን የተማርኩት ከጆሮ ይልቅ በዓይን ስለነበር፣ ከመጽሐፍ የለቀምኩትን ቃል ሁሉ በአጻጻፉ ልክ እጠራው ነበር። አንድ ቀን በክፍል ፊት ቆሜ ምንባብ ሳነብ፣ በሬዲዮ ስሰማው ያደግኩት ወታደራዊ ማዕረግ ሲገጥመኝ ያለ አንዳች ጥርጣሬ «ኮሎኔል» አልኩ። መምህሩ «ከርነል» ብለው አረሙኝ። እኔ ግን ሌላ መስመር የሚያዩ መስሎኝ ድምፄን ከፍ አድርጌ ደገምኩት፤ ክፍሉም በሳቅ ተሞላ።

የቃሉን ታሪክ ያወቅኩት ቆይቼ ነው። መነሻው የጣሊያንኛው «ኮሎኔሎ»፣ ማለትም የሰልፈኛ ዓምድ አዛዥ ነው። ሁለት «ል» ተከታትለው ሲመጡ ለምላስ አይመቹምና ፈረንሳይኛው የፊተኛውን ወደ «ር» ለውጦ «ኮሮኔል» አለው፤ እንግሊዞችም በ16ኛው ክፍለ ዘመን የተቀበሉት በዚሁ መልክ ነበር። ኋላ ጸሐፊዎቻቸው የጣሊያንኛውን አጻጻፍ ተከትለው «ል»ን ቢመልሱም የሰው አንደበት በ«ር» ጸና። ወደ አማርኛ የገባው ደግሞ «ል» ያለው ስለሆነ፣ ቃሉን አስቀድመን ማወቃችን ራሱ ያሳስተናል።

ስንቅ ማለት የሆነውና ዛሬ ከቆዩ መጻሕፍት ውጭ እምብዛም የማይገኘው «ቪትልዝ»ም እንዲሁ ነው። ለዓይን «ቪክቹዋልስ» ይመስላል፤ ላቲን ምንጩን ለማሳየት የፈለጉ ሊቃውንት በጽሕፈት ብቻ «ክ» ጨምረውበታልና። ዕዳ በሚለው «ዴት» ውስጥ የተሸሸገችው «ቢ»ም በዚሁ መንገድ የገባች ናት።

በእንግሊዞቹ ለመሳቅ ግን አንቸኩል። ከደሴ በስተሰሜን ያለችው ሐይቅ ከተማ በ«ሐ» እንድትጻፍ የሚያስገድደን ግእዙ እንጂ አንደበታችን አይደለም፤ «ሀ»፣ «ሐ» እና «ኀ» በአማርኛ ድምፃቸው አንድ ከሆነ ብዙ ዘመን አልፏል። ቢሆንም «ሃይቅ» ተብሎ ተጽፎ ባየሁ ቁጥር ዓይኔን ይቆረቁረኛል፤ «ክ»ን የጨመሩትን ሊቃውንት የምረዳቸውም ያኔ ነው።

ከብርቅ ቃላት ሁሉ የምወደው «ፔትሪኮር»ን ነው። እ.ኤ.አ. በ1964 ኢዛቤል ጆይ ቤር እና ሪቻርድ ቶማስ የተባሉ የአውስትራሊያ ተመራማሪዎች፣ ደረቅ መሬት ዝናብ ሲነካው የሚወጣውን ሽታ ለመሰየም ከግሪክኛ የቀመሩት ነው፤ «ፔትራ» ድንጋይ ሲሆን «ኢኮር» በአማልክት ደም ሥር ይፈስሳል የተባለው ፈሳሽ ነው። እኔ ለዓመታት «ፔትሪቾር» ስለው ኖሬያለሁ፤ እንደ «ኬሚስትሪ» ሁሉ ከግሪክ በመጡ ቃላት «ሲ» እና «ኤች» ሲጣመሩ «ክ» እንደሚሆኑ ልብ አላልኩም ነበር። ሽታውን ግን ከቃሉ በፊት አውቀዋለሁ። በበልግ፣ ከጦሳ ተራራ በኩል ነፋስ ሲመጣ፣ አንድም ጠብታ ሳይወርድ እናቴ «በሉ ልጆች፣ አፈሩ ሸቷል፤ የተሰጣውን በርበሬ አስገቡ» ትለን ነበር።