ከጥያቄው የቀደመ መልስ

በ2011 ዓ.ም. በአንድ የዞን ጤና መምሪያ የሕግ ባለሙያ ሆኜ ስሠራ፣ በአንድ ጠቅላላ ሐኪም ዝውውር ምክንያት መሥሪያ ቤቴን ወክዬ የመንግሥት ሠራተኞችን አቤቱታ በሚያየው አስተዳደር ፍርድ ቤት ቆሜ ነበር። ሐኪሙ የ5 ወር የዱቲ (የተረኝነት ሥራ) ክፍያ የት እንደደረሰ በሠራተኞች ስብሰባ ላይ ከጠየቀ 2 ሳምንት ሳይሞላው፣ «ለሥራው ቅልጥፍና ሲባል» ቆላ ወደሚገኝ የመጀመሪያ ደረጃ ሆስፒታል መዛወሩ በደብዳቤ ተገለጸለት። ደብዳቤውን ያረቀቅሁት እኔ ነኝ፤ ሐረጉን ግን እኔ አልፈጠርሁትም፣ ስቀጠር ፋይል ውስጥ ያገኘሁት ነው።

ሕጉ ከእኛ ጋር ይመስል ነበር። የፌዴራሉ አዋጅ ቁጥር 515/1999ም ሆነ እሱን የተካው 1064/2010፣ የክልላችንም አዋጅ እንደዚሁ፣ ሥራው የሚጠይቅ ሆኖ ሲገኝ መሥሪያ ቤቱ ሠራተኛውን በያዘው ደረጃና ደመወዝ ወደ ሌላ የሥራ ቦታ እንዲያዛውር ይፈቅዱ ነበር። ደግሞም ሐኪም በእርግጥ ያስፈልግ ነበር። የመጀመሪያ ደረጃ ሆስፒታል ከ60,000 እስከ 100,000 ሕዝብ እንዲያገለግል የታሰበ ሲሆን፣ ያ ሆስፒታል የነበረው አንድ ጠቅላላ ሐኪም ብቻ ነበር። ዛሬም ድረስ የሚያበሳጨኝ፣ እውነት የሆነውን ነገር የሐሰት አስመስለን ማቅረባችን ነው።

ሐኪሙ አልሄድም ሲል ኃላፊያችን ደመወዙን አሳገዱበት። ቢታገሡ ኖሮ የዝውውር ጉዳይ በአስተዳደር ፍርድ ቤቱ ሥልጣን ሥር አይወድቅም ብዬ ዋናው ክርክር ሳይጀመር በሚቀርብ የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ልከራከር አስቤ ነበር፤ የደመወዝ እገዳን ግን ፍርድ ቤቱ ማየት ስለሚችል፣ በሩን ራሳችን ከፈትንለት። እኒህ ኃላፊ አሁን በሌላ ቦታ ስለ ሰው ሀብት አመራር ሥልጠና ይሰጣሉ።

ከችሎቱ በፊት በነበረው ቀን ፋይሉን ልወስድ መዝገብ ቤት ስሄድ፣ የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ሁለቱን ደብዳቤዎች ጎን ለጎን አስቀምጣ «ጋሼ፣ ቀኑን አይተውታል?» አለችኝ። አየት አደረግሁና «ቀን የሚያይ ዳኛ የለም፣ ቁም ነገሩን ነው የሚያዩት» ብያት ወጣሁ።

ሐኪሙ ጠበቃ አላቆመም። ተራው ሲደርስ ስለ ዱቲ ክፍያም፣ ስለ ስብሰባውም አንድ ቃል ሳይናገር፣ የመሥሪያ ቤቱ ማስረጃዎች ቀናቸው እንዲነበብለት ብቻ ጠየቀ። ሰብሳቢው ዳኛ ወደ እኔ ዞሩ።

«የዝውውሩ ደብዳቤ መቼ ወጣ?»

«ታኅሣሥ 9 ቀን፣ ክቡር ዳኛ።»

«ሆስፒታሉ ሐኪም ይመደብልኝ ያለበትስ?»

ወረቀቱን አገላበጥሁ፤ ከጀርባው ምንም አልተጻፈም። «ታኅሣሥ 12 ቀን።»

«እንግዲያው መሥሪያ ቤታችሁ ሳይጠየቅ ይመልሳል ማለት ነው?»

ከኋላ የተቀመጡ ባለጉዳዮች ሳቁ። ዳኛው አልሳቁም፤ ብዕራቸውን አስቀምጠው መልሴን ጠበቁ። የጥያቄውን ደብዳቤ ከዝውውሩ በኋላ ስልክ ደውለን ያስጻፍነው መሆኑን ከእኔ በላይ የሚያውቅ በችሎቱ አልነበረም። ይህን እያወቅሁ «ክቡር ዳኛ፣ በመዝገብ ቤት በኩል የተፈጠረ የቀን አጻጻፍ ስህተት ይመስለኛል» አልሁ። ቃሉ ከአፌ ከወጣ በኋላ ነው፣ ትናንት ያስጠነቀቀችኝን ሴት ጥፋተኛ ማድረጌ የገባኝ። ጸሐፊው ንግግሬን ቃል በቃል መዘገበው።

ዝውውሩ ተሻረ፤ የታገደው ደመወዝም እንዲከፈል ተወሰነ። በሕግ ስህተት ይግባኝ እንጠይቅ ያሉ ነበሩ፤ እኔ የውሳኔውን ግልባጭ ላነብ ስጀምር «የመዝገብ ቤት ስህተት» የሚለው ላይ ስደርስ ዘጋሁት። ያንኑ ግልባጭ ፋይል የምታደርገው ደግሞ እሷው ነበረች። ተቀብላኝ፣ ገጹን ቆጥራ፣ ማኅተሙን አይታ አስቀመጠችው። ቁጣ ጠብቄ ነበር፤ «ገቢ ቁጥሩን ይጻፉልኝ» ከማለት በቀር ምንም አልተናገረችኝም።

በዓመቱ ሌላ ሐኪም፣ እሱም አፉ የማያርፍ፣ ወደዚያው ሆስፒታል ተዛወረ። በዚህ ጊዜ የሆስፒታሉ የጥያቄ ደብዳቤ አስቀድሞ ገባ፣ በ4ኛው ቀን የኮሚቴው ቃለ ጉባኤ ተፈረመ፣ የዝውውሩ ደብዳቤ የወጣው ከዚያ በኋላ በ5ኛው ቀን ነው። ሐኪሙ ከሰሰ፤ አሸነፍነው። ደብዳቤውን ወጪ ላስደርግ ስወስደው፣ የመዝገብ ቤቷ ሠራተኛ ሦስቱንም ቀኖች በተራ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ አነበበችልኝና «አሁን ልክ ነው፣ ጋሼ» ብላ ማኅተሙን መታችበት።