ቤቱን ለሚያሰናዱት፦ የዕንቁጣጣሽ መልእክት

ውድ ወዳጆቼና ሥራዬን በቅርብም በሩቅም የምትከታተሉ ሁሉ፣ እንኳን ከዘመን ወደ ዘመን በሰላም አሸጋገራችሁ።

ይህን የምጽፈው በዋዜማው ምሽት ነው። ቄጠማው ተጎዝጉዟል፣ ረከቦቱ ቦታውን ይዟል፣ አደይ አበባውም ውኃ ውስጥ ተቀምጧል። ነገ የሚመጣው እንግዳ ቤቱን ደምቆ ያገኘዋል እንጂ የቱን ዕቃ ማን የት እንዳኖረው አይጠይቅም። እኔም በፊልም ሥራ ለዓመታት የኖርኩት በዚህ ተግባር ነው፤ ተዋናዩ የሚገባበትን ቤት አስቀድሜ አሰናዳለሁ፤ ሙያው ፕሮዳክሽን ዲዛይን ይባላል። ከቅርብ ጊዜ ወዲህ የፕሮዲዩሰርነትን ኃላፊነት ስለጨመርኩበት፣ ሁለቱን ሙያዎች በአንድ ዕድሜ ያጣመረችውን አሜሪካዊት ፖሊ ፕላትን ክረምቱን ሙሉ ሳስባት ቆየሁ።

ፕላት እ.ኤ.አ. በ1939 ተወልዳ በ2011 አረፈች። በፕሮዳክሽን ዲዛይነርነት ስሟን ካስጠሩት ሥራዎች አንዱ በ1971 የወጣው «ዘ ላስት ፒክቸር ሾው» ሲሆን፣ የተቀረጸውም አርቸር ሲቲ በምትባል ትንሽ የቴክሳስ ከተማ፣ በጥቁርና ነጭ ነው። ጥቁርና ነጭ ለዲዛይነር ከባድ ፈተና ነው። ለዓይን ፈጽሞ የማይመሳሰሉት ቀይና አረንጓዴ በፊልም ላይ አንድ ዓይነት ግራጫ ሆነው ሊቀሩ ስለሚችሉ፣ ግድግዳው ከልብሱ፣ ልብሱም ከፊት እንዲለይ ከፈለገች የቀለሙን ዓይነት ትታ ድምቀቱንና ድብዘዛውን ብቻ መመዘን አለባት። በዚያ ፊልም ነፋስ የሚመላለስበት ባዶ ጎዳናና በሩን የሚዘጋው ሲኒማ ቤት ከተዋንያኑ እኩል ይናገራሉ።

በዚያው ቀረጻ ወቅት ትዳሯ ፈረሰ። ዳይሬክተሩ ፒተር ቦግዳኖቪች ባሏና የሁለት ሴት ልጆቿ አባት ነበር። እሷ ግን ሥራውን ፈጸመች፤ ከዚያም በኋላ በ1973 የወጣውን «ፔፐር ሙን»ን ጨምሮ ሁለት ፊልሞች ሠራችለት። ብዙዎች ይህን ብርታት ይሉታል፤ እኔ ግን በዚህ ቃል ብቻ ላልፈው አልችልም፣ የከፈለችውን ዋጋ ከራሷ በቀር የሚያውቀው የለምና።

በ1983 በወጣው «ተርምስ ኦፍ ኢንዲርመንት» ለኦስካር ከታጨች በኋላ ከዳይሬክተሩ ጄምስ ብሩክስ ጋር በፕሮዲዩሰርነት መሥራት ጀመረች። ዳይሬክተሮቹ ካሜሮን ክሮው በ1989፣ ዌስ አንደርሰን ደግሞ በ1996 የመጀመሪያ ረጅም ፊልሞቻቸውን ሲያወጡ ከፕሮዲዩሰሮቹ መካከል ነበረች። የካርቱን ሠዓሊውን የማት ግሬኒንግን ሥዕል ለብሩክስ በስጦታ የሰጠችውም እሷ ናት፤ ከዚያ ትውውቅ የኋላ ኋላ «ዘ ሲምፕሰንስ» የተባለው የቴሌቪዥን ካርቱን ተወለደ።

ከዲዛይነርነት ወደ ፕሮዲዩሰርነት መሻገርን ከእጅ ሥራ ወደ ቢሮ እንደ መውጣት የሚቆጥሩ አሉ። የፕላትን ሕይወት ሳይ ግን የሠራችበት ዓይን ያው አንዱ ዓይን ሆኖ አገኘዋለሁ። ስክሪፕት የሚያነብ ዲዛይነር ይህ ሰው ኮቱን ከገዛው ስንት ዓመቱ ነው፣ ከአልጋው ሥርስ ምን ደብቋል ብሎ ይጠይቃል፤ ገጹ ላይ ያልተጻፈውን ያያል። ስም የሌለው ወጣት ያመጣውን ጽሑፍ ተቀብሎ ገና ያልተሠራውን ፊልም የሚያይ ፕሮዲዩሰርም ከዚህ የተለየ አያደርግም። እኔ በጀትና ውል ከያዝኩ ወዲህ የቀለም ባልዲውን የተውኩት መስሎኝ አዝኜ ነበር፤ እሷን ሳስብ ኀዘኔ ቀለለልኝ።

ዝናቡ ቆሞ የውጭ ቀረጻ በሚመቸን በዚህ ወቅት፣ ከእኔ ጋር ለምትሠሩ አናጺዎች፣ ቀለም ቀቢዎችና ልብስ ሰፊዎች፣ አንድ አሮጌ ፋኖስ ፍለጋ መርካቶን ስትዞሩ ለምትውሉ የዕቃ ኃላፊዎች፣ እንዲሁም ቀረጻው አልቆ ሁሉ ሲበተን ቤቱን ለማፍረስ ለምትቀሩ ሁሉ ይህ በዓል የዕረፍት ይሁንላችሁ። ነገ ሌላ ሰው ባሰናዳው ቤት ተቀመጡ፤ ቡናውም ይቀዳላችሁ።

መልካም አዲስ ዓመት።